አሜን ከመባሉ በፊት

«ማን ነው የቀጣሽ?» አለች አልማዜ።

ርሆቦት ቀና አለች። አክስቷ በአንድ እጇ ሦስት ቀይ ጆግ፣ በሌላው እጇ የርሆቦትን ደብተር ይዛ ባንኮኒው አጠገብ ቆማለች።

«ማንም አልቀጣኝም። ምነው?»

«ታዲያ ይሄ ምንድን ነው? ከላይ እስከ ታች አንድ ቃል! እኛን ድሮ አስተማሪያችን ‹ሁለተኛ አልረብሽም› ብላችሁ መቶ ጊዜ ጻፉ ይለን እንደነበረው። በሃያ አራት ዓመትሽ፣ ዲግሪ ይዘሽ፣ እንዲህ የሚያስጽፍሽ ማን ነው?»

ከሳፋዎቹ ክምር ኋላ ሶፊ ሳቋን ለቀቀችው። ሶፊ የአልማዜ ልጅ ናት፤ የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ሱቅ የምታግዝ፣ ከማገዟ መሳቋ የሚበዛ።

«እማ ደግሞ! ቅጣት አይደለም እኮ፤ ድሮፕ ነው።»

«ድሮፕ ማነው?»

«ሰው አይደለም፤ የእንግሊዝኛ ቃል ነው። ለነገው ሰባኪ እየተዘጋጀች ነው።»

አልማዜ ደብተሩን እንደ ተሰነጠቀ ዕቃ አገላብጣ አየችውና ባንኮኒው ላይ መለሰችው። «አንድ ቃል ለመያዝ ይሄ ሁሉ ገጽ!»

ርሆቦት አፈረች። ጥፋቱ ግን የእሷ አልነበረም። የቤተ ክርስቲያናቸው አስተርጓሚ ቃለጽድቅ ለጓደኛው ሚዜ ሊሆን ሐዋሳ ወርዶ ነበር፤ ከውጭ የተጋበዘው ሰባኪ ደግሞ እሁድ ከሰዓት በኋላ እንደሚያገለግል በየፌርማታው ተለጥፏል። ረቡዕ ዕለት የሽማግሌዎቹ ሰብሳቢ ጋሽ መዝገቡ ሱቅ ድረስ መጥተው «ልጄ፣ አንቺ የውጭ ቋንቋ ተምረሽ የለ?» ሲሏት፣ እሷ አፏን ሳትከፍት አልማዜ «እንዴታ!» ብላ መለሰችላቸው። በቃ፣ ነገሩ ያኔ አለቀ። ርሆቦት ዩኒቨርሲቲ አራት ዓመት ተምራ አንድ ቀን እጇን አውጥታ ጠይቃ አታውቅም። ታክሲ ውስጥ «ወራጅ አለ» ማለት አፍራ ቤቷን አልፋ የወረደችባቸው ቀናት ብዙ ናቸው።

እናም የምታውቀውን አደረገች፤ አጠናች። የእንግዳውን ስብከቶች በስልኳ ደጋግማ ሰማች። ሰውየው የሚናገረው እሷ በመጽሐፍ የተማረችውን እንግሊዝኛ አልነበረም፤ የመንገድ ልጆች የሚቀባበሉትን፣ የሚዘፈንበትን እንግሊዝኛ ነበር። ድሮፕ የምትለዋን ቃል ደግሞ በየዓረፍተ ነገሩ ይነሰንሳታል። በአንድ ስብከት ብቻ ሃያ ሦስት ጊዜ ቆጠረችበት። አብዛኛው ጊዜ ትርጉሙ የተለያየ ነበር፤ ርሆቦት እያንዳንዱን ለብቻው ጽፋ ከጎኑ አማርኛውን አስቀምጣለች።

«ፈትኚኝ እስቲ» አለች ሶፊን፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፤ አንዲት ደንበኛ ባልዲ እያማረጠች ነበር።

«ዘፋኙ አልበም ድሮፕ አደረገ።»

«አወጣ።»

«ቤቴል ድሮፕ አድርገኝ።»

«አድርሰኝ።»

«ሰፈር መጥተህ ድሮፕ በል።»

«ብቅ በል።»

«አምስት ኪሎ ድሮፕ አደረግኩ። ያው እማ ማድረግ ያቃታት።»

«ቀነስኩ።»

«አንቺ!» አለች አልማዜ። «እንግሊዝኛውን ለጌታ ሥራ እንጂ እናትሽን ለመስደብ አይደለም።» ከዚያ ጆጎቹን አንዱን በሌላው ውስጥ እየሰካች «የኛስ ቢሆን ያው አይደል?» አለች። «ሰማይ ዝናብ ይጥላል። ዶሮ እንቁላል ትጥላለች። ለለቅሶ ድንኳን ይጣላል፤ ወጥ ላይ ጨው ጣል ይደረጋል። ማን ደብተር ሞላበት?»

«የኛን በእናትሽ ሆድ ሆነሽ ነው የተማርሽው፤ የሰው አገር ቃል እንደዚያ አይመጣም እትዬ» አለች ርሆቦት።

ሶፊ ገጹን በጣቷ እየተከተለች ወረደች። «ይቺስ? ድሮፕ ዴድ?»

«ክልትው ብሎ መሞት።»

«ክልትው!» ሶፊ በርጩማው ላይ ክልትው ብላ አሳየች። አልማዜም ሳቀች። ርሆቦት ግን አልሳቀችም። ዓይኗ ሳታዝዘው ወደ መደርደሪያው ሄደ፤ የአክስቷ ሰማያዊ ቦርሳ፣ መርፌዋ ያለበት፣ እንደ ወትሮው ከማጥለያዎቹ በላይ ተቀምጧል።

አልማዜ ከሆሳዕና ልጅ ሆና የመጣች፣ አየር ጤና ላይ ሃያ ዓመት ባልዲና ሳፋ የሸጠች ሴት ናት። የርሆቦት እናት ስትሞት የሰባት ዓመቷን ልጅ ወስዳ ከራሷ ልጅ ሳትለይ አሳደገቻት። ጎረቤቱ ሁሉ አንድ ነገር ያውቅላታል፤ ቃሏን አታጥፍም። ቤተ ክርስቲያን ሲሆን ደግሞ ይብስባታል። በእነርሱ ቤተ ክርስቲያን ሰባኪ አንድን ሰው ለይቶ ቃል ሲናገረው፣ ያ ሰው በጉባኤው ፊት «አሜን» ይላል፤ አሜን ካለ ተቀበለ ማለት ነው። ብዙው ሰው እሁድ አሜን ብሎ ሰኞ ይረሳዋል። አልማዜ አትረሳም። «አሜን ፊርማ ነው» ትላለች። ከእህቷ ከፅጌ ጋር ዘጠኝ ዓመት ተኳርፈው ኖረው፣ አንድ እሁድ «የተጣላሽውን ሰው ሄደሽ ታረቂ» ስትባል አሜን አለች። ሰኞ ጠዋት ሱቅ ሳትከፍት በሁለት ታክሲ አስኮ ሄዳ የእህቷን በር አንኳኳች። ርሆቦት አብራት ነበረች። ሁለቱ ሴቶች ደጃፍ ላይ ተቃቅፈው ሲያለቅሱ ያየችውን ያህል ደስ የሚል ነገር ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አላየችም።

ግን ሌላም አሜን ነበር።

ከሦስት ዓመት በፊት የሦስት ቀን ጾም ጸሎት ታወጀ፤ እህል ውሃ ወደ አፍ አይገባም ተባለ። አልማዜ አሜን አለች። ስኳር አለባት፤ ጠዋትና ማታ ኢንሱሊን ትወጋለች። «ሳልበላ ምን ብዬ ልወጋ?» ብላ ለማንም ሳትናገር መርፌውንም አብራ ተወችው። በሦስተኛው ቀን ርሆቦት ከዩኒቨርሲቲ መጥታ በሩን ስትከፍት ክፍሉ ከመጠን በላይ የበሰለ ፓፓያ ይሸታል። ፓፓያ ግን ቤት ውስጥ አልነበረም። የሚሸተው የአክስቷ ትንፋሽ ነበር። በባጃጅ ወደ ክሊኒክ ሲወስዷት አልማዜ ራሷን በርሆቦት ጭን ላይ አድርጋ፣ በተሳሰረ ምላስ «ዛሬን ብቻ… አሜን ብያለሁ… ዛሬን ብቻ…» ትል ነበር። ሐኪሟ ርሆቦትን ኮሪደር ላይ አቁማ እንዲህ አለቻት፦ «ሁለተኛ እንዲህ ካቋረጠች እዚህ አታደርሷትም።»

ከዚያ ወዲህ ርሆቦት በጁስ ቤት ደጃፍ ስታልፍ ትንፋሿን ትይዛለች።

ቅዳሜ ማምሻውን ቃለጽድቅ ከሐዋሳ ደወለ። ከኋላው የሠርግ ዘፈን ይሰማል።

«ፈራሽ አይደል?»

«በጣም።»

«ስሚኝ፤ አንድ ነገር ብቻ ያዢ። አስተርጓሚ ቧንቧ ነው። ቧንቧ ውሃውን አይቀምስም፤ ያሳልፋል። እሱ ‹እኔ› ሲል አንቺም ‹እኔ› ትያለሽ። ‹እሳቸው እንዲህ አሉ› እንዳትይ፣ ሰው ይበተንብሻል። መድረኩ ላይ ርሆቦት የምትባል ልጅ የለችም። ገባሽ?»

«ገባኝ» አለች። ይሄኛው ምክር አጽናናት። ርሆቦት የምትባል ልጅ መድረኩ ላይ ከሌለች የሚፈራ ሰው የለም ማለት ነው።

እሁድ ስምንት ሰዓት ላይ ከጋራዦቹ ጀርባ ያለው የቆርቆሮ አዳራሽ ጢም ብሎ ሞላ። እንግዳው ረዥም፣ ፊቱ የፈገግታ፣ ድምፁ የሚያሞቅ ሰው ነበር። መድረክ ላይ ሲወጡ የርሆቦት ማይክ ከእጇ ጋር ይንቀጠቀጥ ነበር፤ እሱም አይቶ በመዳፉ ማይኩን ለቅጽበት ያዝ አድርጎላት ጠቀሳት። ክፉ ሰው አልነበረም። በኋላ ብዙ ጊዜ ይህን ታስታውሰው ነበር።

«እኔ» አለ በእንግሊዝኛ፣ «ሚስቴን ያገኘኋት ጫማ ስጠርግ ነው።»

«እኔ» አለች ርሆቦት፣ «ሚስቴን ያገኘኋት ጫማ ስጠርግ ነው።»

አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። እሷም ከሳቁ በኋላ ቀለላት። ከዚያ በኋላ ቃሉ በራሱ ይፈስ ጀመር። እንግዳው ድሮፕ ባለ ቁጥር የሚስማማው አማርኛ ከደብተሯ ተነስቶ ምላሷ ላይ ይቀመጣል፤ አንዴ ተወው፣ አንዴ ብቅ አለ፣ አንዴ አራገፍኩት። ፊት ወንበር ላይ ጋሽ መዝገቡ ባርኔጣቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው በእያንዳንዱ ዓረፍተ ነገር ራሳቸውን ይነቀንቃሉ። ስድስተኛው ረድፍ ላይ አልማዜ ዓይኗን ከርሆቦት ላይ አላነሳችም። አጠገቧ ላሉት ሴቶች ሁሉ «የኔ ልጅ ናት» እያለች እንደሆነ ከከንፈሯ ይነበባል።

ወደ አሥር ሰዓት ገደማ እንግዳው የታመሙና የተጨነቁ ወደ መድረክ እንዲወጡ ጠራ። ኪቦርድ ተጫዋቹ ለስለስ ያለ ዜማ ጀመረ። መጀመሪያ ወገቡን የሚያመው ሽማግሌ ወጣ፤ ተጸለየለት፤ አሜን አለ። ቀጥላ ፈተና ያስፈራት ተማሪ ወጣች። «ፍርሃቱን ድሮፕ» አላት፤ ርሆቦትም «ፍርሃትሽን ጣዪው» አለቻት፤ ልጅቱም አሜን ብላ እያለቀሰች ወረደች።

ሦስተኛዋ አልማዜ ነበረች።

ርሆቦት ደረጃው ላይ ስታያት ማይኩን ከአፏ አራቀች። አክስቷ ግራጫ ኮቷን ለብሳ፣ ሰማያዊውን ቦርሳ በሁለት እጇ ደረቷ ላይ ይዛ፣ እንደ ሙሽራ እናት እየተኩራራች ወጣች።

እንግዳው ትከሻዋን አቅፎ ምን እንደፈለገች ጠየቃት። ርሆቦት ተረጎመች።

«እኔ እንዲህ ወጥቼ አላውቅም» አለች አልማዜ በማይኩ። «ዛሬ አፉ የልጄ አፍ ስለሆነ ነው የወጣሁት።»

ጉባኤው አጨበጨበ። ርሆቦት ይህንንም በእንግሊዝኛ መናገር ነበረባት፤ ፊቷ እየጋለ ተናገረችው።

«ያመመሽ ምንድን ነው ማማ?»

«ስኳር ነው።»

«እጅሽ ላይ የያዝሽውስ?»

«መርፌዬ ነው። ከዚህ ስወጣ የምወጋው።»

ይህን ሁሉ ያሳለፈችው ርሆቦት ናት። ቃል በቃል፣ እንደ ቧንቧ። እንግዳው ዓይኑን ጨፍኖ ጥቂት ቆየ። ዜማው ከፍ አለ። ከዚያ ዓይኑን ገልጦ ቦርሳውን በጣቱ ነካና «ድሮፕ ኢት» አለ። ቀጠለም። እዚሁ መድረክ ላይ ጣዪው፣ ሁለተኛ አታንሺው፣ ከዛሬ ማታ ጀምሮ አያስፈልግሽም፣ ተፈውሰሻል አለ። ይህን ሲል እጁን ወደ መሬት ዘርግቶ ጣቶቹን አንድ በአንድ ከፈተ።

ተራው የርሆቦት ነበር።

የደብተሯ ገጾች በዓይኗ ላይ ተገለባበጡ። ማውጣት፣ ማድረስ፣ ብቅ ማለት፣ መቀነስ። አንዱም መደበቂያ አልሆናትም። ሰውየው ያለው ግልጽ ነበር፤ በእጁም አሳይቶታል፤ እሷም አንዲት ቃል አላመለጣትም። አልማዜ ግን እጁን አላየችም። አልማዜ የምታየው ርሆቦትን ብቻ ነበር። የምትሰማው በእሷ አፍ ነውና ፊቷን ወደ እሷ አዙራ ትጠብቃለች፤ ከንፈሯ አሁኑኑ አሜን ለማለት ተከፍቷል።

መዋሸት ይቻል ነበር። «ጌታ ይማርሽ» ብላ ብታልፍ ማን ያውቅባታል? ሶፊና ጥቂት ወጣቶች። ግን አልማዜ ለዚያም አሜን ትላለች፤ ውሸት በተጻፈበት ወረቀት ላይ አክስቷን ማስፈረም ይሆናል። እንግዳው ዓረፍተ ነገሩን ደገመላት፤ ያልሰማች መስሎት ነበር። ጋሽ መዝገቡ ከፊት ወንበር «በርቺ ልጄ» በሚል ዓይን ራሳቸውን ነቀነቁ። የፓፓያው ሽታ መጣባት። ከየት እንደመጣ አታውቅም፤ መጣባት እንጂ። እየተንቀጠቀጠች ማይኩን በሁለት እጇ ያዘች።

«አሁን የምናገረው» አለች። ድምፅዋ በጣም ቀጭን ሆኖ ወጣ። «አሁን የምናገረው እኔ ርሆቦት ነኝ።»

አዳራሹ አልገባውም። አንድ ሰው ከኋላ ሳቀ።

«እትዬ፣ እባክሽ አሜን አትበይ። ያሉትን ነገ ጠዋት እነግርሻለሁ። መርፌሽን ከተወጋሽ በኋላ። አንዲት ቃል ሳላስቀር እነግርሻለሁ።»

ኪቦርዱ ቆመ። ከመሐል አንዲት ሴት «ኧረ ጌታ ይገሥጽሽ!» ብላ ጮኸች። ጋሽ መዝገቡ ሲነሱ ባርኔጣቸው ወደቀ። እንግዳው ግራ ተጋብቶ ዙሪያውን አየ፤ ምን እንደተባለ የሚነግረው ሰው ፈለገ፤ እዚያ መድረክ ላይ ግን ከራሷ ከርሆቦት በቀር የሚነግረው አልነበረም። ስለዚህ ነገረችው። ከቀደመው ይልቅ ይሄኛው አስፈራት። በእንግሊዝኛ «አሜን እንዳትል ለመንኳት፤ የተናገሩትን ነገ መርፌዋን ከተወጋች በኋላ እነግራታለሁ» አለችው።

ሰውየው ወደ እሷ ዞረ። «አንቺ አስተርጓሚ ነሽ» አለ።

«አዎ» አለች።

ማይኩን ወንበር ላይ አስቀምጦ ወረደ። ጋሽ መዝገቡ ለመዘምራኑ በእጃቸው ምልክት ሰጡ፤ መዝሙር ተጀመረ። አልማዜ አፏን ገጥማ፣ ቦርሳዋን ደረቷ ላይ እንዳደረገች፣ ወደ ርሆቦት ዞር ሳትል ደረጃውን ወረደች።

ሦስቱም ወደ ቤት በእግራቸው ሄዱ። አልማዜ ከፊት፣ ሶፊ ከመሐል፣ ርሆቦት ከኋላ። ጋራዦቹን አልፈው ዋናው መንገድ ደረሱ።

«ሶፊ» አለች አልማዜ፣ ሳትዞር። «አንቺ እንግሊዝኛውን ሰምተሻል አይደል?»

«ሰምቻለሁ እማ። እንዲያውም…»

«እንዳትነግሪኝ።»

«እማ፣ ግን…»

«እንዳትነግሪኝ አልኩሽ። በእሷ አፍ ልሰማ ነው የወጣሁት፤ በእሷው አፍ እሰማለሁ። ነገ አለችኝ፤ ነገ።» ስልኳ ጮኸ። አይታ አጠፋችው።

አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ሲሆን ርሆቦት ከመኝታ ክፍሏ ሆና የመርፌው መድኃኒት የሚቀመጥበትን የፍሪጅ በር ሰማች፤ ሲከፈትም ሲዘጋም። ጠዋት ግን ገና ሩቅ ነበር። እስከዚያ ማንም መጥቶ በአንዲት ዓረፍተ ነገር ሁሉንም ሊያበላሽ ይችላል። የጎረቤት ሴቶች አሉ። እንግዳው ራሱ ሌላ አስተርጓሚ ፈልጎ ሊመጣ ይችላል።

አንድ ሰዓት ላይ በሩ ተንኳኳ። ርሆቦት ቀድማ ሮጣ ከፈተች። ጋሽ መዝገቡ ናቸው።

«ውጪ እንነጋገር» አሏት። የውሃው ሮቶ አጠገብ ቆሙ። ሽማግሌው ባርኔጣቸውን አውልቀው በእጃቸው አዞሩት።

«ሰውየው ተቀይመው ወደ ሆቴላቸው ሄዱ። ሽማግሌዎቹም ተቀምጠው ተነጋገሩ። ከእንግዲህ መድረክ ላይ አትወጪም።»

«እሺ ጋሼ።»

«እኔም አብሬ ነው ያልኩት፤ እወቂው።»

«እሺ።»

ጋሽ መዝገቡ ግን አልሄዱም። ወደ መስኮቱ አይተው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ለመሆኑ ምን ነበር ያሉት?»

ርሆቦት ቀና ብላ አየቻቸው። «አልሰሙም?»

«ከየት አባቴ እሰማለሁ? የኔ እንግሊዝኛ ‹ሃሎ› እና ‹ታንክ ዩ› ነው። ራሴን ስነቀንቅ የዋልኩት አንቺን እየሰማሁ ነው።»

ነገረቻቸው። እንደ ተባለው፣ ከነእጁ አከፋፈት። ሽማግሌው ባርኔጣውን ማዞር አቆሙ። ከሦስት ዓመት በፊት አልማዜን ከባጃጁ ካወረዷት ሰዎች አንዱ እሳቸው ነበሩ።

«ጌታ ሆይ» አሉ። ቆይተው ደግሞ፣ ከቀደመው በላይ ቀስ ብለው፣ «ግን ልጄ… ከእግዚአብሔር ቢሆንስ?»

ርሆቦት ከቀኑ አሥር ሰዓት ጀምሮ የፈራችው ይህንን ጥያቄ ነበር። ሌላ ሰው ሳይጠይቃት ራሷን ስትጠይቅ ውላለች። የምታምን ልጅ ናት፤ አስኮ ደጃፍ ላይ ያየችውን አልረሳችም።

«ከእግዚአብሔር ከሆነ» አለች፣ ቃላቱን እየፈለገች፣ «ነገ ጠዋት ከተወጋች በኋላም ከእግዚአብሔር ይሆናል ጋሼ።»

ጋሽ መዝገቡ ባርኔጣቸውን ደፉ። በበሩ በኩል አልማዜ «ጋሽ መዝገቡ ናቸው? ይግቡ እንጂ!» ብላ ስትጣራ፣ «አይ፣ መሽቶብኛል፤ ሰላም እደሩ» ብለው ሄዱ።

ርሆቦት ልብሷን ሳታወልቅ አደረች።

ሰኞ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ አልማዜ ሰማያዊውን ቦርሳ ጠረጴዛው ላይ ከፈተች። ሹራቧን ገለጥ አድርጋ ሆዷ ላይ ተወጋች። ዳቦና ሻይ በላች፤ ሳትቸኩል፣ እስከ መጨረሻው። ከዚያ ጣቶቿን አራግፋ ወንበሯን ወደ ርሆቦት አዞረች።

«ንገሪኝ።»

ርሆቦት ነገረቻት። ምንም አላስቀረችም። «ተፈውሰሻል» ያለውንም፣ «ከዛሬ ማታ ጀምሮ» ያለውንም። ስትጨርስ እጇን ወደ ወለሉ ዘርግታ ጣቶቿን አንድ በአንድ ከፈተች።

አልማዜ የተከፈተውን የርሆቦትን እጅ አየች።

«ትናንት ብትነግሪኝ አሜን እል ነበር» አለች።

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ‹ይማርሽ› ብለሽ አታልፊውም ነበር? ሕዝብ ፊት ከመዋረድ?»

«በውሸት ላይ አሜን እንድትይ አልፈለግኩም እትዬ።»

አልማዜ የሻይ ብርጭቆዋን ወደ ጎን ገፋች። ርሆቦት የአክስቷን ከንፈር እያየች ነበር፤ አሁንም ሊከፈት ይችላል፤ ለአሜን ጊዜ አያልፍበትም። ሶፊ በፒጃማ በሩ ላይ ቆማ እሷም ያንኑ ታያለች።

«ባጃጁ ውስጥ» አለች አልማዜ በመጨረሻ፣ «ጭንሽ ይንቀጠቀጥ ነበር። የኔ ራስ መስሎኝ ነበር የሚንቀጠቀጠው። ያንቺ ጭን ነው ለካ።»

«እኔ ነበርኩ።»

«ትናንትም መድረኩ ላይ ስትንቀጠቀጪ አየሁሽ። ያኔ ነው አፌን የዘጋሁት።» ተነሳች። ሰዓቱን አየች። «በሉ፣ ሱቁ ረፈደብኝ።»

ቦርሳውን ፍሪጅ ውስጥ መለሰችው፤ ቁልፏን ይዛ ወጣች። ማታ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ተወጋች፤ በማግስቱም ጠዋት ተወጋች። ከዚያ ወዲህ ለርሆቦት ማይክ የሰጣት የለም።